ልጆች መብረር አይችሉም፦ የበረንዳ መከለያና የመስኮት ብረት ሕግ ከየት መጣ?

አሜሪካ ውስጥ ባለ ብዙ ፎቅ አፓርታማ ላይ የሚኖር ሰው በቀን ውስጥ ደጋግሞ መከለያ ይነካል። ደረጃ ሲወጣ ይይዘዋል፤ በረንዳ ላይ ሲቆም ይደገፈዋል፤ ስልክ ሲያነጋግር ክርኑን ያሳርፍበታል። ቁመቱ ስንት ነው ብሎ የጠየቀ ግን ጥቂት ነው። ሜትር አውጥቶ ቢለካው፣ አፓርታማው አዲስ ከሆነ፣ 42 ኢንች ወይም 1 ሜትር ከ7 ሳንቲም ያህል ሆኖ ያገኘዋል። ከአንዱ ቋሚ ብረት እስከ ሌላው ያለው ክፍተት ደግሞ ከ4 ኢንች፣ ማለትም ከ10 ሳንቲም ያህል፣ አይበልጥም።

እነዚህን ሁለት ቁጥሮች አናጢ ወይም ብረት ሠራተኛ ለዓይን እንዲያምሩ ብሎ አላወጣቸውም። ከኋላቸው የወደቀ ሰው አለ፤ ብዙ ጊዜም የወደቀው ሕፃን ነው። አበው «ሳይቃጠል በቅጠል» ይላሉ። የሕንፃ ደኅንነት ሕግ ታሪክ ግን ባብዛኛው ከተቃጠለ በኋላ የመጣ ቅጠል ነው።

ጉዳዩ ለኢትዮጵያዊው ስደተኛ ሩቅ አይደለም። ብዙው ሰው አገር ቤት ያደገው ምድር ላይ በተሠራ ቤት ነው። ልጅ በሩ ሲከፈትለት ግቢ ውስጥ ይወጣል፤ ቢወድቅም ጉልበቱ ይላጥና እናቱ ዘንድ እያለቀሰ ይመለሳል። የመስኮት ብረት ካለም የተሠራው ሌባ እንዳይገባ ነው። ስደት ግን ያንኑ ቤተሰብ 5ኛ ወይም 12ኛ ፎቅ ላይ አወጣው። እዚህ የመስኮት ብረት ሥራው ሌላ ነው፤ ሌባ እንዳይገባ ሳይሆን ልጅ እንዳይወጣ ነው። ይህ ልዩነት እንዴት ሕግ እስከ መሆን እንደደረሰ ማወቅ ይጠቅማል። (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከኦሪት የመጣ ትእዛዝ

ከፍ ባለ ቦታ ላይ መከለያ ማድረግ ግዴታ ነው የሚለው ሐሳብ የትናንት አይደለም። በኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 22 ቁጥር 8 ላይ፣ አዲስ ቤት የሚሠራ ሰው በጣራው ዙሪያ መከታ እንዲያደርግ፣ ሰው ከዚያ ወድቆ የደም ዕዳ በቤቱ ላይ እንዳይመጣ ታዟል። የሣር ክዳን ለለመደ ሰው ትእዛዙ ግር ሊለው ይችላል፤ በጎጆ ጣራ ላይ ማን ይወጣል? በዚያ አገር ግን ጣራው ጠፍጣፋ ስለነበረ ሰው ይተኛበታል፣ እህል ያሰጣበታል፣ በምሽት ነፋስ ይቀበልበታል። የትግራይን ህድሞ ወይም በሐረር ጀጎል ውስጥ ያሉትን ቤቶች የሚያውቅ አንባቢ ነገሩ ቶሎ ይገባዋል።

በዚህ ጥንታዊ ትእዛዝ ውስጥ ሁለት ነገሮች ልብ ሊባሉ ይገባል። አንደኛ፣ መከታው የሚሠራው ሰው ከወደቀ በኋላ ሳይሆን ቤቱ ሲሠራ ነው። ሁለተኛ፣ ዕዳው የተጣለው በወደቀው ሰው ላይ ሳይሆን በባለቤቱ ላይ ነው። «ለምን ተጠንቅቀህ አልሄድህም?» የሚል ጥያቄ የለበትም። የመከታው ቁመት ግን በትእዛዙ ውስጥ አልተነገረም። የአይሁድ ሊቃውንት ከዘመናት በኋላ ከ10 ጋት ማነስ የለበትም ብለው ወሰኑ፤ በዛሬ ልኬት ከ80 እስከ 95 ሳንቲም መሆኑ ነው። ከ2,000 ዓመት ግድም በኋላ የተጻፉት የአሜሪካ ደንቦች ለመኖሪያ ቤት የወሰኑት 36 ኢንች ወይም 91 ሳንቲም ከዚሁ ጋር መቀራረቡ የሚገርም ነው። የሰው ልጅ ቁመት እምብዛም አልተለወጠምና።

42 ኢንች በማን ተለካ?

ከፍ ያለው ልክ፣ 42 ኢንች፣ በመላው አሜሪካ አስገዳጅ ሆኖ የታወቀው በሥራ ቦታ በኩል ነው። የአሜሪካ ምክር ቤት በ1970 የሥራ ቦታ ደኅንነትና ጤና ሕግን አወጣ። በሕጉ መሠረት የተቋቋመው መሥሪያ ቤት፣ በተለምዶ ኦሻ የሚባለው፣ በ1971 ባወጣቸው ደንቦች ሠራተኛ ሊወድቅ በሚችልበት ከፍታ ላይ የሚደረግ መከለያ 42 ኢንች እንዲሆን፣ በመካከሉም ሌላ አግዳሚ እንዲኖረው አዘዘ። በ1976 ደግሞ የአሜሪካ ብሔራዊ የልኬት መሥሪያ ቤት ለዚሁ ለኦሻ ብሎ ባደረገው ጥናት የቁመቱን ምክንያት በሰው አካል ላይ አጥንቶ አቀረበ።

ምክንያቱ ለማንም ግልጽ ነው። ሰው ሲቆም የሰውነቱ ክብደት መሐሉ ከእምብርቱ አካባቢ ነው። መከለያው ከዚያ በታች ከሆነ፣ ሰውዬው ሲንሸራተት ወይም ሲገፋ ብረቱ እግሩን ያዝና የላይኛውን አካሉን ይጥለዋል፤ መከለያ የተባለው ነገር ማጠፊያ ይሆናል። ከዚያ በላይ ከሆነ ግን ወደ ውስጥ ይመልሰዋል። 42 ኢንች ረጃጅም ወንዶችን ጭምር ታሳቢ በማድረግ የተወሰነ ልክ ነው።

ቁመት ብቻውን ግን አይበቃም። የአሜሪካ የግንባታ ደንቦች መከለያው በየትኛውም በኩል 200 ፓውንድ፣ ማለትም 90 ኪሎ ያህል፣ ግፊት እንዲችል ይጠይቃሉ። በረንዳው ራሱ ከበሰበሰ ደግሞ ከላዩ ያለው መከለያ ምንም አይፈይድም። በሰኔ 2015 በካሊፎርኒያ፣ በበርክሌይ ከተማ፣ የአንድ አፓርታማ 5ኛ ፎቅ በረንዳ ተገንጥሎ 6 ወጣቶች ሞተዋል። ምርመራው የገለጸው በረንዳውን የተሸከሙት እንጨቶች ውኃ ገብቶባቸው በስብሰው እንደነበር ነው። የካሊፎርኒያ ግዛት በ2018 ባወጣው ሕግ፣ 3 እና ከዚያ በላይ መኖሪያ ያላቸው ሕንፃዎች በረንዳቸውን በየ6 ዓመቱ በባለሙያ እንዲያስመረምሩ ታዘዙ። እዚህም ቅጠሉ የመጣው ከተቃጠለ በኋላ ነው።

ይሁን እንጂ 42 ኢንች የተለካው በአዋቂ ሰው ነው። ሕፃን ከመከለያ በላይ ብቻ አይደለም የሚወድቀው፤ በመካከሉ ያልፋል፣ በሥሩ ይሾልካል፣ ከዚያም በላይ መከለያ በሌለው መስኮት በኩል ይወጣል። የሕፃኑን ልክ ለማግኘት ወደ ኒው ዮርክ ከተማ መሄድ ያስፈልጋል።

ኒው ዮርክ፣ የሙቀት ወራት

በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ መጀመሪያ የኒው ዮርክ ድሆች ሰፈሮች ባለ 5 እና ባለ 6 ፎቅ በሆኑ አሮጌ አፓርታማዎች የተጨናነቁ ነበሩ። ማቀዝቀዣ ያለው ቤት ጥቂት ነው። የሙቀቱ ወራት ሲመጣ ያለው አማራጭ መስኮት መክፈት ብቻ ነው። አልጋው ወይም ሶፋው ቦታ በመጥበቡ መስኮቱ ሥር ይቀመጣል። ሕፃኑ ሶፋው ላይ ይወጣል፤ ከሶፋው ወደ መስኮቱ ደፍ። የቀረውን መናገር አያስፈልግም።

እንዲህ ያለ አደጋ በደረሰ ቁጥር ከጎረቤት የሚሰማው ጥያቄ በየትም አገር አንድ ነው፤ «እናቲቱ የት ነበረች?» ይባላል። እያንዳንዱ ሞት የአንድ ቤት ሐዘንና የአንዲት እናት ጥፋት ተደርጎ ይቆጠራል። ነገሩ የተለወጠው ሐኪሞች መቁጠር ሲጀምሩ ነው። በ1971 በአሜሪካ የሕዝብ ጤና መጽሔት ላይ የወጣ ጥናት ከከፍታ መውደቅን በከተማ ሕፃናት ላይ የደረሰ ወረርሽኝ ብሎ ጠራው። ይህ ቃል ትልቅ ለውጥ ነበር። ወረርሽኝ የእናት ጥፋት አይደለም፤ ወረርሽኝ ምንጭ አለው፣ መከላከያም አለው። የወረርሽኙ ምንጭ መስኮቱ ነበር።

በ1972 የኒው ዮርክ ከተማ ጤና ጥበቃ መሥሪያ ቤት «ልጆች መብረር አይችሉም» የሚል ስም የሰጠውን ዘመቻ ጀመረ። ዘመቻው አራት እግር ነበረው። አንደኛ፣ የሆስፒታል ድንገተኛ ክፍሎችና የፖሊስ ጣቢያዎች ልጅ ከመስኮት በወደቀ ቁጥር እንዲያስታውቁ ተደረገ፤ ነርሶችም ወደ ቤተሰቡ ሄደው ሁኔታውን ይመዘግቡና ይመክሩ ነበር። ሁለተኛ፣ በጋዜጣ፣ በሬዲዮና በቴሌቪዥን ለሕዝቡ ማስታወቂያ ተነገረ። ሦስተኛ፣ ሠራተኞች በየሰፈሩ ቤት ለቤት እየዞሩ በር አንኳኩተው አደገኛ መስኮቶችን አሳዩ፤ በትምህርት ቤት፣ በቤተ ክርስቲያን፣ በክሊኒክና በተከራዮች ማኅበር በኩልም አስተማሩ። አራተኛ፣ አደጋው በበዛባቸው ሰፈሮች ትንንሽ ልጆች ላሏቸው ቤተሰቦች በቀላሉ የሚገጠም የመስኮት ብረት በነፃ ታደለ።

ውጤቱ ብዙ አልቆየም። በብሮንክስ ክፍለ ከተማ ከመስኮት ወደቁ ተብለው የሚመዘገቡ ልጆች ቁጥር ከ1973 እስከ 1975 ባለው ጊዜ በግማሽ ቀነሰ። እናቶቹ በሁለት ዓመት ውስጥ ሌሎች ሰዎች አልሆኑም፤ ምክርና ብረት ነው የተጨመረላቸው።

ከምጽዋት ወደ ሕግ

በነፃ የሚታደል ብረት ግን በጀቱ ሲያልቅ ያልቃል። ጥያቄው መከለያው የማን ዕዳ ነው የሚል ሆነ። የከተማው መልስ ከኦሪቱ ጋር አንድ ነበር፤ የቤቱ ባለቤት ነው። በ1976 የኒው ዮርክ የጤና ደንብ ተሻሽሎ፣ ዕድሜው 10 ዓመትና ከዚያ በታች የሆነ ልጅ በሚኖርበት አፓርታማ አከራዩ የመስኮት ብረት እንዲያስገባ ግዴታ ተጣለበት። በአሜሪካ ውስጥ የዚህ ዓይነቱ ሕግ የመጀመሪያው ይህ ነው።

ሕጉ የሚመለከተው 3 እና ከዚያ በላይ አፓርታማ ያላቸውን ሕንፃዎች ነው። አከራዩ በየዓመቱ ለተከራዩ መጠየቂያ ቅጽ መላክ አለበት፤ ተከራዩም ልጅ መኖር አለመኖሩን ሞልቶ ይመልሳል። ልጅ የሌለው ሰው እንኳ፣ የልጅ ልጅ ይመጣብኛል ወይም በሌላ ምክንያት እፈልጋለሁ ብሎ ቢጠይቅ፣ አከራዩ ማስገባት አለበት። የመስኮቱ ክፍተት ከ4 ኢንች ተኩል እንዳይበልጥም ተወስኗል።

አንድ መስኮት ብቻ ለብቻው ታይቷል፤ ወደ እሳት ማምለጫው ደረጃ የሚያስወጣው። እሱ ላይ ብረት አይደረግም። ምክንያቱም ከመውደቅ የሚያድን ብረት በእሳት ጊዜ ወጥመድ ይሆናል። ስለዚህ አባት በራሱ እጅ መስኮቱን ሁሉ በብየዳ ቢያሽግ ልጁን ከአንድ አደጋ አውጥቶ ለሌላው መስጠቱ ነው። ደህናው ብረት ልጅ የማይከፍተው፣ በማምለጫ መስኮት ላይ ከሆነ ደግሞ አዋቂ ከውስጥ ያለ ቁልፍ ቶሎ የሚከፍተው ነው።

የአሜሪካ የሕፃናት ሐኪሞች አካዳሚ በ2001 ባወጣው መግለጫ የኒው ዮርክን ሥራ በምሳሌነት ጠቅሶ፣ ከመስኮት በመውደቅ ሆስፒታል የሚገቡ ሕፃናት ቁጥር እስከ 96 በመቶ መቀነሱን ገልጿል። ቦስተን በ1993 ተመሳሳይ ዘመቻ ጀመረች። በኒው ጀርሲም ተከራዩ በጽሑፍ ሲጠይቅ አከራዩ የመስኮት ብረት እንዲያስገባ ግዴታ አለበት። በሌሎች ብዙ ግዛቶች ግን እንዲህ ያለ ግዴታ የለም።

ሀብትም አያድንም

በመጋቢት 1991 ኒው ዮርክ የደረሰ አንድ አደጋ ነገሩ የድሃ ሰፈር ጉዳይ ብቻ አለመሆኑን ለዓለም አሳየ። የእንግሊዛዊው የጊታር ሙዚቀኛ የኤሪክ ክላፕተን የ4 ዓመት ልጅ በማንሃተን ከ53ኛ ፎቅ ወድቆ ሞተ። መስኮቱ ለጽዳት ተከፍቶ ነበር። አባትየው በሐዘኑ ያወጣው ዘፈን በ1992 ዓለምን አዳረሰ፤ ከዚያ ያነሰ የታወቀው ሥራው ግን ወላጆች መስኮታቸውን እንዲጠብቁ በቴሌቪዥን ማስታወቂያ መናገሩ ነው። ብሮንክስ 5ኛ ፎቅ ላይ ያለው ልጅና ማንሃተን 53ኛ ፎቅ ላይ ያለው ልጅ ያሳያቸው ነገር አንድ ነው፤ ሕፃን ከፍታን አያውቅም፣ የሚያየው ብርሃኑን ብቻ ነው።

ከ9 ወደ 6፣ ከ6 ወደ 4

መስኮቱ እንዲህ ሲሆን፣ የበረንዳውና የደረጃው መከለያ ታሪክ በሌላ መንገድ ተጉዟል። ቀደም ባሉት የአሜሪካ የግንባታ ደንቦች በመከለያው ብረቶች መካከል 9 ኢንች ክፍተት መተው ይፈቀድ ነበር። ኋላ ወደ 6 ኢንች ወረደ። 6 ኢንች፣ ማለትም 15 ሳንቲም፣ ለአዋቂ ዓይን ጠባብ ይመስላል። የአንድ ዓመት ልጅ ግን ሰውነቱ በዚያ ያልፋል። አንዳንዴም ሰውነቱ አልፎ ጭንቅላቱ ይያዛል፤ ይህ ከመውደቅ የማይሻል አደጋ ነው።

የሚገርመው፣ የሕፃን አልጋ ሕግ ይህን ቀድሞ ያውቅ ነበር። በ1973 የወጣው የአሜሪካ የሸማቾች ደኅንነት ደንብ በሕፃን አልጋ እንጨቶች መካከል ያለው ክፍተት ከ2 ኢንች ከ3 ስምንተኛ፣ ማለትም ከ6 ሳንቲም እንዳይበልጥ ወስኗል። ሕፃኑ በአልጋው ውስጥ ሳለ ሕግ ጠበቀው፤ ከአልጋው ወርዶ ወደ በረንዳው ሲድህ ግን ለዓመታት ሕጉ ረሳው።

ኤሊየት ስቴፈንሰን የተባለ የሕንፃ ደኅንነት ባለሙያ በ1988 ለደንብ አስከባሪዎች በሚታተም መጽሔት ላይ ሰፊ ክፍተት ያለውን መከለያ ድምፅ የሌለው፣ ልጅን የሚጋብዝ ወጥመድ ብሎ ጠራው፤ ክፍተቱ ወደ 4 ኢንች እንዲጠብ ተከራከረ። በ1990ዎቹ መጀመሪያ ደንቦቹ 4 ኢንችን ተቀበሉ። የአገሪቱ ሦስት የደንብ ማኅበራት ተባብረው በ2000 ባወጡት የጋራ የግንባታ ደንብም ጸና። ተቆጣጣሪ 4 ኢንች ስፋት ያላት ድቡልቡል ኳስ ይይዛል፤ ኳሷ በመከለያው ካለፈች ሥራው ወድቋል ማለት ነው። ያቺ ኳስ በሕፃን ጭንቅላት ፈንታ የምትለካ ናት።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር አለ። አዲስ ደንብ ሲወጣ በአብዛኛው የሚያስገድደው አዲስ የሚሠራውን ወይም የሚታደሰውን ሕንፃ ነው። በ1965 ወይም በ1975 የተሠራ አፓርታማ በዘመኑ ደንብ ከተሠራ፣ 6 ወይም 9 ኢንች ክፍተቱን ይዞ እስከ ዛሬ ሊቆም ይችላል። ኪራዩ ርካሽ ሆኖ አዲስ መጤ ቤተሰብ የሚገባበት ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ይኸው አሮጌው ሕንፃ ነው። ስለዚህ «አሜሪካ ነው፤ ሕግ አለ» ብሎ መተማመን ብቻውን አይበቃም። ሕጉ አለ፤ ሕንፃው ግን ከሕጉ በፊት ተወልዷል።

መሰላል የሆነ መከለያ

ሌላው ክርክር ስለ ቅርጹ ነው። ብረቶቹ ወደ ላይ የቆሙ ሳይሆኑ የተጋደሙ ከሆኑ ለልጅ መሰላል ይሆኑለታል። በ2000 የወጣው የአሜሪካ የመኖሪያ ቤት ደንብ መሰላል የሚመስል መከለያን ከልክሎ ነበር። ክልከላው ግን ዕድሜ አላገኘም፤ በ2003 በወጣው ቀጣይ እትም ላይ የለም። የካናዳ ደንብ በፊናው ከወለሉ ከ14 እስከ 90 ሳንቲም ባለው ከፍታ መካከል ለመውጫ የሚያመች ነገር እንዳይኖር ይከለክላል። የእንግሊዝም መመሪያ ልጆች በሚኖሩበት ሕንፃ መከለያው በቀላሉ የማይወጣበት እንዲሆን ይጠይቃል፤ የበረንዳውን ቁመትም 1 ሜትር ከ10 ሳንቲም ያደርገዋል። እንግዲህ ቶሮንቶ ያለው ልጅና ዳላስ ያለው ልጅ በአንድ ዓይነት ሕግ አይጠበቁም።

ደግሞም ከመከለያው አጠገብ ወንበር፣ የቡና ረከቦት ወይም የዕቃ ሣጥን ከተቀመጠ 42 ኢንቹ ወዲያው 24 ይሆናል። ሕግ የብረቱን ቁመት ይወስናል፤ ከብረቱ ሥር የሚቀመጠውን ዕቃ የሚወስነው የቤቱ ሰው ነው።

ያልተቆጠሩት

እስካሁን የተነገረው ታሪክ አንድ ነገር ያስረዳል። ሕግ የሚመጣው የወደቀው ሰው ሲቆጠር ነው። ኒው ዮርክ ሕፃናቱን ስለቆጠረች ሕጉ መጣ። ያልተቆጠሩስ?

ከፎቅ ሕንፃ ጋር በተያያዘ ብዙ ኢትዮጵያውያንን ያሳዘነው ዜና ከሕፃናት ይልቅ በአረብ አገር ከሚሠሩ እኅቶች የመጣ ነው። ሂዩማን ራይትስ ዎች በ2008 ስለ ሊባኖስ ባወጣው ዘገባ፣ ከጃንዋሪ 2007 ወዲህ ቢያንስ 95 የውጭ አገር የቤት ሠራተኞች መሞታቸውን ገልጿል። ከነዚህም 24ቱ ከረጅም ሕንፃ ወድቀው ነው፤ ብዙ ጊዜም ከአሠሪያቸው ለማምለጥ ሲሞክሩ። ለነዚህ ሴቶች 42 ኢንች መከለያ መድኃኒት አይሆንም። በሩ የተቆለፈበት ሰው መስኮትን በር ያደርጋል። እዚያ መስተካከል ያለበት ልክ የብረቱ ቁመት ሳይሆን፣ ሠራተኛዋን ከአሠሪዋ ጋር ያሰረው የካፋላ አሠራር ነው።

በሥራ ላይ ሳሉ የሚወድቁት ጉዳይ ግን ሕግ ሊያስተካክለው የሚችል ነው፤ ይህም በሌሎች አገሮች ታይቷል። በሲንጋፖር መስኮት ሲያጸዱ የወደቁ የቤት ሠራተኞች ጉዳይ ቁጣ ካስነሣ በኋላ፣ መንግሥት በ2012 ባወጣው ደንብ አሠሪው አብሮ ሆኖ ካልተቆጣጠረና የመስኮቱ ፍርግርግ ካልተቆለፈ በስተቀር ሠራተኛዋን ከፎቅ ላይ የመስኮት ውጭ በኩል እንዳያጸዳ ማዘዝ ከለከለ። ሆንግ ኮንግም ከጃንዋሪ 2017 ጀምሮ በሥራ ውሉ ላይ ተመሳሳይ አንቀጽ አስገባች፤ ፍርግርጉ ተቆልፎ፣ ከእጅ በስተቀር የሠራተኛዋ አካል ከመስኮቱ ውጭ መውጣት እንደሌለበት ተጻፈ። ሁለቱም አገሮች ይህን ያደረጉት የወደቁት ሴቶች በጋዜጣ ስለተጻፉ፣ ኤምባሲዎቻቸውም ስለጮኹ ነው። ኢትዮጵያዊቷ እኅት በምትሠራባቸው አገሮችም እንዲህ ያለ አንቀጽ በውል ላይ እንዲሰፍር መጠየቅ ከጥያቄዎች ሁሉ ትንሹ ነው።

በር የሚያንኳኳው ሰው

ከብሮንክሱ ዘመቻ የሚወሰደው ትልቁ ትምህርት ብረቱ ብቻ አይደለም። ሰው ቤት ለቤት ዞሮ በር ማንኳኳቱ ነው። ሕጉ ከወጣ በኋላም ቢሆን፣ ቅጹ ሳይሞላ በፖስታ ሣጥን ውስጥ ከቀረ፣ አከራዩ አያውቅም፣ ብረቱም አይመጣም። እንግሊዝኛ በሚገባ የማያነቡ አዛውንት የመጣላቸውን ቅጽ ከማስታወቂያ ወረቀት ጋር አብረው ይጥሉታል። ይህን ለማንበብ ሐኪም ወይም ጠበቃ አያስፈልግም፤ አንድ ጎረቤት፣ አንድ የዕድር አባል ወይም ከቅዳሴ በኋላ የሚገናኝ ወዳጅ ይበቃል።

ማንም ሰው በቤቱ ሊያየው የሚገባው ጥቂት ነገር ነው። የበረንዳውን መከለያ ቁመት በሜትር ይለኩ። የሶዳ ቆርቆሮ 2 ኢንች ተኩል ያህል ስፋት አላት፤ ሁለት ቆርቆሮ ጎን ለጎን በብረቶቹ መካከል ካለፈ ክፍተቱ ከ4 ኢንች በላይ ነው። መከለያውን ወዝወዝ ያድርጉት፤ ከተነቃነቀ ወይም የበረንዳው እንጨት ከለሰለሰ በላዩ አይቁሙ። የመስኮት ወንፊትን አይመኑ፤ ወንፊት የተሠራው ትንኝ ለመከልከል ነው፣ ልጅ ለመያዝ አይደለም። አልጋና ሶፋ ከመስኮት ሥር ያርቁ። መስኮቱ ወደ ላይና ወደ ታች የሚከፈት ከሆነ ከታች ዘግተው ከላይ ይክፈቱት። ጉድለት ካገኙ ለአከራይዎ በቃል ሳይሆን በጽሑፍ ያመልክቱ፤ ቀን ይጻፉበት፤ ግልባጩን ያስቀሩ። መልስ ካልመጣ ለከተማዎ የቤቶች ተቆጣጣሪ ማመልከት መብት ነው። በማመልከት ቤት እንዲታይ ማድረግ ነገር መፈለግ አይደለም።

ብዙ ስደተኛ አከራዩን ማስቸገር ይፈራል። እንግዳ ነኝ፣ ይቅር፣ እኔው እጠነቀቃለሁ ይላል። ብሮንክስ ውስጥ የነበሩት እናቶችም ይጠነቀቁ ነበር። ጥንቃቄ ግን ድስት ለማማሰል ዞር ባሉበት ቅጽበት ያልቃል፤ ብረት አያልቅም። የኦሪቱ ትእዛዝ ይህን ያወቀ ይመስላል። ለዚህም ነው ሰው ሁሉ ዘወትር እንዲጠነቀቅ ሳይሆን፣ ቤት የሚሠራው ሰው አንድ ጊዜ መከታ እንዲያደርግ ያዘዘው።